ካህኑ ንጉሥ ዮሐንስን ፍለጋ፦ የጆን ባከን «ፕሬስተር ጆን» እና የትምህርት ቤት ንባብ

በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶቻችን የማስተማሪያው ቋንቋ እንግሊዝኛ በመሆኑ፣ ከመማሪያ መጻሕፍት ሌላ ለተማሪዎች የሚቀርቡት የእንግሊዝኛ የንባብ መጻሕፍት በአብዛኛው ከባሕር ማዶ የሚመጡ ናቸው። ከነዚህም ጥቂቶቹ ተመርጠው የተገዙ፣ ብዙዎቹ ግን በስጦታ የተገኙ ናቸው። የደራሲነት መብቱ ጊዜ ያለፈበት አሮጌ ድርሰት ደግሞ ማንም ሊያትመውና ሊያሠራጨው ስለሚችል፣ በወረቀትም ሆነ በኮምፒዩተር አማካይነት ወደ ትምህርት ቤት ቤተ መጻሕፍት ለመግባት የሚያግደው ነገር የለም። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ከአዲስ አበባ ራቅ ባለች አንዲት ከተማ እንግሊዝኛ ሲያስተምር፣ አንድ የዐሥረኛ ክፍል ተማሪ ሽፋኑ የላላ መጽሐፍ ይዞ መጣና፣ «መምህር፣ እዚህ ላይ የተጻፈው ንጉሥ የእኛ ንጉሥ ነው?» ሲል ጠየቀው። መጽሐፉ የጆን ባከን «ፕሬስተር ጆን» ነበር። በዚያን ዕለት የተሰጠው መልስ አጭርና የማያረካ ስለ ነበረ፣ ይህ ግምገማ ዘግይቶም ቢሆን ለጥያቄው የሚገባውን መልስ ለመስጠት ይሞክራል።

ልብ ወለዱ የታተመው በ1910 ነው። (የተለየ ምልክት ካልተደረገ በቀር በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ደራሲው በ1875 በስኮትላንድ የተወለደ የቄስ ልጅ ነው። በኦክስፎርድ ከተማረ በኋላ፣ የእንግሊዝና የቦየሮች ጦርነት ገና ሳያበቃ፣ በ1901 ወደ ደቡብ አፍሪካ ተሻግሮ የእንግሊዙ ከፍተኛ ኮሚሽነር የሎርድ ሚልነር የግል ጸሐፊ ሆኖ እስከ 1903 ሠርቷል። ወደ አገሩ ሲመለስ የትምህርት መጻሕፍትን በብዛት ከሚያትመው ከኔልሰን ማተሚያ ድርጅት ጋር ሥራ ጀመረ፤ «ፕሬስተር ጆን»ንም ያሳተመው ይኸው ድርጅት ነው። በ1935 የካናዳ ጠቅላይ ገዥ ሆኖ ተሾመ፣ በ1940 እዚያው ሞተ። እንግዲህ አፍሪካን በሩቅ ሆኖ ያለመ ሰው አይደለም። አገሩን አይቷል፣ በአስተዳደሩም ውስጥ ሠርቷል። የመሬቱ አቀማመጥ፣ የገደሉ ጠርዝ፣ ከደጋው ወደ ቆላው ሲወረድ የሚለዋወጠው አየር በትክክል የተሣለውም በዚህ ምክንያት ነው። ሰዎቹ ግን እንደ መሬቱ በትክክል አልተሣሉም።

ታሪኩን የሚተርከው ዴቪድ ክሮፈርድ የተባለ ስኮትላንዳዊ ወጣት ነው። በልጅነቱ ከጓደኞቹ ጋር በባሕር ዳር ሲጫወት፣ ቀን በቤተ ክርስቲያን የሰበከ አንድ ጥቁር ቄስ ሌሊት በአሸዋው ላይ እሳት አንድዶ እንግዳ ሥርዓት ሲፈጽም ያያል። አባቱ ሲሞትበት ትምህርቱን አቋርጦ በሰሜናዊ ትራንስቫል በምትገኝ ራቅ ያለች መንደር የሱቅ ረዳት ሆኖ ይቀጠራል። በመርከቡ ላይ ያንኑ ቄስ እንደገና ያገኘዋል። ሰውየው ጆን ላፑታ ይባላል፤ የካህኑ ንጉሥ ዮሐንስ ወራሽ ነኝ ብሎ የደቡብ አፍሪካን ጥቁር ሕዝብ በነጮች አገዛዝ ላይ ለማስነሣት በምስጢር የሚሠራ መሪ መሆኑ ቀስ በቀስ ይገለጣል። የሥልጣኑ ምልክት ከጥንት ሲወርድ የመጣ የቀይ ዕንቊ የአንገት ጌጥ ነው። ዴቪድ በዋሻ ውስጥ የተደረገውን የመሐላ ሥርዓት ተደብቆ ያያል፣ ይያዛል፣ ጌጡን ነጥቆ ያመልጣል፣ እንደገና ይያዛል፣ በላፑታ ፈረስ ዳግመኛ ያመልጥና አርኮል ለተባለው የስለላ መኮንን ወሬውን ያደርሳል። መሪው ከጦሩ ተቈርጦ ይቀራል፤ በመጨረሻም ቈስሎ ወደ ዋሻው ይመለስና ጌጡን እንዳጠለቀ ከምድር በታች በሚፈስሰው ወንዝ ውስጥ ራሱን ይጥላል። ዴቪድ በዋሻው ከተገኘው ሀብት ድርሻውን ይዞ ባለጸጋ ሆኖ ወደ አገሩ ይገባል።

ከድርሰት ጥበብ አንጻር ሲታይ መጽሐፉ በዓይነቱ ከተሻሉት የሚመደብ ነው። ሮበርት ሉዊስ ስቲቨንሰን በ1880ዎቹ ያስለመደውን፣ ወጣት ተራኪ ከቤቱ ወጥቶ አደጋ ላይ የሚወድቅበትን አተራረክ ባከን በሚገባ ተምሮታል። ከራይደር ሃጋርድም የተሰወረ ሀብትና ዋሻ ወርሷል፤ ነገር ግን በሃጋርድ መጻሕፍት የሚበዛው ተአምር በባከን ዘንድ ቀንሷል። የመጀመሪያው ምዕራፍ ለክፍል ንባብ እጅግ የተመቸ ነው፦ ጥቂት ልጆች፣ አንድ ፋኖስ፣ ጨለማ የባሕር ዳርና ማንነቱ ያልታወቀ ሰው። ደራሲው ፍርሃትን የሚፈጥረው በቅጽል ብዛት አይደለም፤ ልጆቹ የሚያዩትንና የማያዩትን በመለየት ነው። የእንግሊዝኛ መምህር ስለ ትረካ ቅደም ተከተል ሊያስተምር ቢፈልግ ከዚህ የተሻለ ምሳሌ በቀላሉ አያገኝም። በአንጻሩ መካከለኛዎቹ ምዕራፎች በማምለጥና በመያዝ መደጋገም ይንዛዛሉ፤ ተማሪዎችም ብዙውን ጊዜ ንባቡን የሚተዉት እዚያ ላይ ነው።

አሁን ወደ ተማሪው ጥያቄ እንመለስ። «ፕሬስተር ጆን» ማን ነው? በአውሮፓ የመጀመሪያው የጽሑፍ ወሬ የተገኘው በ1145 የፍራይዚንግ ጳጳስ ኦቶ በመዘገበው ታሪክ ውስጥ ነው፤ በምሥራቅ የሚኖር ክርስቲያን ካህንና ንጉሥ እስላሞችን ድል እንዳደረገ ይናገራል። ወደ 1165 ገደማ ደግሞ ከዚሁ ንጉሥ ለቢዛንጥዮም ንጉሠ ነገሥት የተላከ ነው የተባለ የሐሰት ደብዳቤ በአውሮፓ ተሠራጨ። የመስቀል ጦረኞች አጋር ይፈልጉ ስለ ነበረ፣ ወሬው ሳይጠፋ ቈየ። መጀመሪያ ንጉሡ በእስያ ተፈለገ፤ በእስያ ሲታጣ ከዐሥራ አራተኛው መቶ ዓመት ጀምሮ ኢትዮጵያ ውስጥ ነው ተባለ። የእኛ ሰዎች ግን ይህን ስም አያውቁትም ነበር። በ1441 ከኢየሩሳሌም ወደ ፍሎረንስ ጉባኤ የሄዱት ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ንጉሣቸው በዚህ ስም ሲጠራ ሰምተው ተገርመዋል፤ በዘመኑ በዙፋኑ ላይ የነበሩት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ናቸውና። በ1520 ወደ ዐፄ ልብነ ድንግል የመጣው የፖርቱጋል መልእክተኞች ቡድን አባል የነበረው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬስ ስድስት ዓመት ያህል በአገራችን ቈይቶ ያየውን በብዙ ጥንቃቄ ጽፏል፤ ሆኖም መጽሐፉ በ1540 በሊዝቦን ሲታተም የወጣው በዚያው በተረት ስም ነው። ስለዚህ ለተማሪው መሰጠት የነበረበት መልስ፣ «ንጉሡ የእኛ ነው፤ ስሙ ግን የእኛ አይደለም» የሚል ነበር።

በባከን ድርሰት ውስጥ ተረቱ ሌላ እርምጃ ይራመዳል። መኮንኑ አርኮል ለዴቪድ እንደሚነግረው፣ የካህኑ ንጉሥ ግዛት ከሐበሻ አገር ተነሥቶ በዘመናት ብዛት ወደ ደቡብ ወርዷል፤ የሥልጣኑም ምልክት ከእጅ ወደ እጅ እየተላለፈ እስከ ዙሉዎቹ ንጉሥ እስከ ቻካ ደርሷል። ይህ ፈጠራ ነው። ነገር ግን ባዶ ፈጠራ አይደለም። በ1892 ማንጌና ሞኮኔ የተባለ ጥቁር ቄስ በነጮች ይመራ ከነበረው የሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን ተለይቶ በፕሪቶሪያ «የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን» የሚባል ማኅበር አቋቋመ። የስሙ መነሻ በመዝሙረ ዳዊት ስለ ኢትዮጵያ የተነገረው ቃል ነው። ከአራት ዓመት በኋላ የዓድዋ ድል (1888 ዓ.ም.) ሲሰማ፣ ስሙ ለደቡብ አፍሪካ ጥቁር ክርስቲያኖች የመጽሐፍ ቅዱስ ቃል ብቻ መሆኑ ቀረ። በስሙ ባንዲራ የያዘ፣ ጦር ያለው፣ ድል ያደረገ መንግሥት በእርግጥ ነበረና። የቅኝ ገዥዎቹ ባለሥልጣኖች ይህን እንቅስቃሴ «ኢትዮጵያኒዝም» ብለው ሰይመው በጥርጣሬ ይከታተሉት ነበር። በ1906 በናታል በእያንዳንዱ ጐልማሳ ወንድ ላይ በተጣለው የአንድ ፓውንድ የነፍስ ወከፍ ግብር ምክንያት በባምባታ መሪነት ዐመፅ ሲነሣና በሺሕ የሚቈጠሩ ጥቁሮች ሲገደሉ፣ ፍርሃቱ በእጥፍ ጨመረ። ባከን ልብ ወለዱን ያሳተመው ከዚያ ከአራት ዓመት በኋላ ነው።

የሚያስደንቀው ነገር፣ ልብ ወለዱ ከኢትዮጵያ ስሟንና ተረቷን ሲወስድ ሕያዋን ሰዎቿን አለመፈለጉ ነው። መጽሐፉ በሚታተምበት ጊዜ ዐፄ ምኒልክ በሕመም ላይ ቢሆኑም መንግሥታቸው ራሱን የቻለ መንግሥት ነበር፤ ብሪታንያም በ1897 መልእክተኛ ልካ ውል ተዋውላለች። የዳግማዊ ምኒልክ ትምህርት ቤት በ1900 ዓ.ም. ተከፍቷል። ይህ ሁሉ በባከን ታሪክ ውስጥ ስፍራ የለውም። ለእርሱ የሚጠቅመው የሩቅ ዘመን ኢትዮጵያ እንጂ በዘመኑ የነበረችው ኢትዮጵያ አይደለችም። በዘመኑ ያለችው ወደ ታሪኩ ብትገባ፣ ጥቁር ሕዝብ ራሱን ማስተዳደር ይችላል ወይስ አይችልም የሚለው ጥያቄ ልብ ወለዱ ከመጀመሩ በፊት መልስ ያገኝ ነበር።

ይሁን እንጂ ደራሲውን አንድ ነገር ልንነፍገው አይገባም። ላፑታ በመጽሐፉ ውስጥ ከሁሉ የሚበልጠው ሰው ነው። ቁመናው፣ ድምፁ፣ ትምህርቱ፣ ትዕግሥቱ ከነጮቹ ገጸ ባሕርያት ሁሉ ይልቃል። የተራኪው አለቃ የሆነው ጃፕ የተሰረቀ አልማዝ የሚቀበል ሰካራም ነው፤ የላፑታ አጋር መስሎ የሚታየው ፖርቱጋላዊ ሄንሪኬስም ጌጡን ለመስረቅ የሚያደባ ከሓዲ ነው። ላፑታ በዋሻው ውስጥ ስለ አፍሪካ በደል ሲናገር፣ ዴቪድ ጠላቱ መሆኑን ረስቶ ልቡ ወደ እርሱ እንደ ተሳበ ራሱ ያምናል። ባከን ይህን ለመጻፍ የተገደደው በቅን ልቡ ይሁን በጥበቡ፣ ውጤቱ አንድ ነው፦ አንባቢው የዐመፁን ምክንያት ከዐማፂው አፍ በሙሉ ድምፅ ይሰማል። በዚያ ዘመን ለእንግሊዝ ወጣቶች ከተጻፉት መጻሕፍት ይህን ያህል የፈቀዱት ጥቂት ናቸው።

ሆኖም የተፈቀደው ለአንድ ሰው ብቻ ነው። ከላፑታ በቀር ሙሉ ሰው ሆኖ የተቀረጸ አፍሪካዊ በመጽሐፉ የለም። ተከታዮቹ መሪ ሲያገኙ የሚጐርፉ፣ መሪ ሲያጡ የሚበተኑ ሕዝብ ናቸው፤ የሚጠሩትም ዛሬ በደቡብ አፍሪካ ከባድ ስድብ በሆነ ስም ነው። ሴት ደግሞ ጭራሽ የለችም ማለት ይቻላል። ጦሩ ትጥቁን ሲፈታ የሚመለከተው ዴቪድ፣ የነጩ ሰው ልዩ ስጦታ ኀላፊነትን መሸከም መሆኑን፣ ይህን እስካወቀ ድረስም ለዕለት ሆዱ ብቻ በሚኖር ጥቁር ሕዝብ ላይ እንደሚገዛ ያስተምረናል። ናይጄሪያዊው ደራሲ ቺኑዋ አቼቤ ይህን አንቀጽ ለይቶ ነቅፎታል። ከዚህ ይበልጥ ለመምህራን የሚጠቅመው ግን አቼቤ ስለ ራሱ የተናገረው ነው፦ በትምህርት ቤት ሳለ እንዲህ ያሉትን የጀብዱ መጻሕፍት ሲያነብ ራሱን ከአፍሪካውያኑ ጋር አልቈጠረም፤ ከነጮቹ ጋር ሆኖ በ«አረመኔዎቹ» ላይ ይፈርድ ነበር። ይህ የሆነው ልጁ ሞኝ ስለ ነበረ አይደለም። በመጀመሪያ መደብ «እኔ» እያለ የሚተርክ ሰው አንባቢውን በትከሻው ተሸክሞ ይጓዛል። ዴቪድ ሲሸሽ እኛም እንሸሻለን፣ ሲደበቅ እኛም ትንፋሻችንን እንይዛለን፤ የምንሸሸው ግን ከማን እንደ ሆነ ለማሰብ ጊዜ አናገኝም። ያ የዐሥረኛ ክፍል ተማሪ መጽሐፉን ሲመልስ ስለ ላፑታ አልተናገረም። የተናገረው ዴቪድ በፈረስ ስላመለጠበት ሌሊት ነበር።

ለትምህርት ዕቅድ አውጪዎች ከሁሉ የበለጠ ትኩረት የሚገባው የመጨረሻው ምዕራፍ ነው፤ ሐያስያን ብዙም አይቈዩበትም። ዐመፁ ከበረደ በኋላ በመንደሪቱ ትልቅ ኮሌጅ ይቋቋማል። የእጅ ሥራ መሥሪያዎች፣ የሙከራ እርሻዎች፣ የመጫወቻ ሜዳዎችና ቤተ መጻሕፍት አሉት። ተራኪው አንድ ነገር አጥብቆ ይናገራል፦ ኮሌጁ ሰባኪዎችንና ጥቁር መምህራንን የሚያፈራ አይደለም፤ ጥቁሩን ለመንግሥቱ ጥሩ ዜጋ እንዲሆን የሚያሠለጥን ነው። ትምባሆና ፍራፍሬ ለውጭ ገበያ እየቀረበ ነው፤ ጥጡም ተስፋ ይሰጣል። በአዳራሹ ፊት ለፊት «ፕሬስተር ጆን» የሚል ጽሑፍ ያለበት ሐውልት ቆሟል፤ ፊቱ ግን የላፑታ ፊት ነው።

ይህን ምዕራፍ ሥርዓተ ትምህርት እንደሚነበብ አድርጎ ማንበብ ይገባል። ላፑታ ቄስ ነበር፤ የተማረ ነበር፤ ተናጋሪ ነበር። ደራሲው ከዐመፁ የወሰደው ትምህርት፣ አደጋው ከድንቍርና ሳይሆን ከአንድ ዓይነት ዕውቀት የመጣ ነው የሚል ነው። መፍትሔውም ትምህርትን መከልከል አይደለም፤ መምረጥ ነው። እርሻው ይሰጥ፣ መድረኩ ይቅር። የእርሻና የእጅ ሥራ ትምህርት በራሱ መልካም ነገር መሆኑን ማንም አይክድም፤ እኛም በሙያ ትምህርት ላይ ስንደክም ኖረናል። ጥያቄው፣ ሙያው ከሌላው ዕውቀት ጋር ተጨምሮ ነው የሚሰጠው ወይስ በሌላው ዕውቀት ፋንታ? የሚለው ነው። ልብ ወለዱ ከታተመ ከስድስት ዓመት በኋላ፣ በ1916፣ የፎርት ሄር ኮሌጅ ለጥቁር ተማሪዎች ተከፈተ፤ ኔልሰን ማንዴላና ኦሊቨር ታምቦ የተማሩት በዚያ ነው። በ1953 የወጣው የባንቱ ትምህርት ሕግ ደግሞ የጥቁሩን ልጅ ትምህርት ከሚፈቀድለት ሥራ ጋር አስሮ ዝቅ አደረገው። ባከን የሕጉ አባት ነው ማለት ታሪክን ማጣመም ይሆናል፤ እርሱ ከሕጉ አርቃቂዎች ይልቅ ለጋስ ነበር። ነገር ግን «የትኛው ዕውቀት ለማን» የሚለው ስሌት በዚያች የመጨረሻ ምዕራፍ ውስጥ፣ በሰላምና በምስጋና ቃል ተሸፍኖ፣ ሙሉ በሙሉ ተጽፏል።

እውነተኛው ታሪክም ልብ ወለዱን ተከትሎ መጥቷል። በጥር 1915 በኒያሳላንድ፣ በዛሬዋ ማላዊ፣ ጆን ቺሌምብዌ የተባለ በአሜሪካ የተማረ የባፕቲስት ፓስተር በእንግሊዝ አገዛዝ ላይ ተነሣ። መነሻው የንጉሥ ዘር ይገባኛል ማለት አልነበረም። በነጮች ሰፋፊ እርሻዎች ላይ የነበረው የጉልበት ብዝበዛና ጥቁሮች በማያገባቸው የአውሮፓውያን ጦርነት መማገዳቸው ነበር። ቺሌምብዌ ትምህርት ቤቶችን ከፍቶ የሚያስተምር ሰው ነበር፤ ያስገነባውንም ቤተ ክርስቲያን አገዛዙ በፈንጂ አፈረሰው። ብዙም ሳይቈይ ተገደለ። ላፑታና ቺሌምብዌ በትምህርታቸውና በቅስናቸው ይመሳሰላሉ፤ ባከን ግን ዐመፅን ያለ ዕንቊና ያለ ዋሻ ሊያስበው አልቻለም። የመሬትና የደመወዝ ጥያቄ ጀብዱ አይሆንለትም ነበር። ልብ ወለዱ ከወጣ ከሦስት ዓመት በኋላ የደቡብ አፍሪካ የመሬት ሕግ ለጥቁሩ ሕዝብ ከአገሩ መሬት ሰባት በመቶ ያህሉን ብቻ ሲከልልለት፣ ዕንቊ የሚፈልግ ሰው አልነበረም።

እንግዲህ መጽሐፉ ከመደርደሪያ ይውጣ ወይስ ይቈይ? ይውጣ የሚሉ መምህራን አሉ፤ ምክንያታቸውም የሚናቅ አይደለም። የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ ግን ይቈይ ይላል፤ ነገር ግን ለዘጠነኛና ለዐሥረኛ ክፍል ተማሪ ብቻውን ይዞት እንዲሄድ መስጠት ተገቢ አይደለም። ለዐሥራ አንደኛና ለዐሥራ ሁለተኛ ክፍል፣ ይበልጡንም ለመምህራን ማሠልጠኛ ኮሌጆች፣ ከቺሌምብዌ ታሪክ ጋር ጐን ለጐን ቢነበብ ይጠቅማል። ሙሉውን ማንበብ አስፈላጊ አይደለም። የመጀመሪያው ምዕራፍ ለአተራረክ፣ የዋሻው ምዕራፍ ለንግግር ጥበብ፣ የመጨረሻው ምዕራፍ ለክርክር ይበቃሉ፤ መካከሉን መምህሩ በቃል ሊያሳጥረው ይችላል።

ይህንኑ በአንድ የዐሥራ ሁለተኛ ክፍል ሞክረነዋል። ተማሪዎቹ ጦሩ ትጥቁን የፈታበትን ቀን ከዴቪድ ዐይን ሳይሆን ትጥቁን ከፈታው ከአንዱ ሰው ዐይን እንደገና በእንግሊዝኛ እንዲጽፉ ታዘዙ። አብዛኞቹ ሽንፈትን ጻፉ፤ ጥቂቶቹ መሪያቸው አልሞተም ብለው የሚጠባበቁ ሰዎችን ጻፉ። አንዲት ተማሪ ግን የጻፈችው ስለ ወታደሩ እናት ነበር። በመጽሐፉ ውስጥ እንዲህ ያለች ሴት የለችም ተብላ ስትጠየቅ፣ «አይቻለሁ፣ ፈልጌ አጣኋት» አለች። ሥራው ሦስት ክፍለ ጊዜ ፈጅቷል። የመጀመሪያው ለንባብ፣ ሁለተኛው በካርታ ላይ ከአክሱም እስከ ትራንስቫል ያለውን ርቀት ለመመልከትና ስለ 1892ቱ የፕሪቶሪያ ቤተ ክርስቲያን ለመነጋገር፣ ሦስተኛው ለጽሕፈት ውሏል። በሁለተኛው ክፍለ ጊዜ የታሪክ መምህሩ አብረውን ቢገኙ ሥራው ይበልጥ ይቀል ነበር፤ ለሚቀጥለው ጊዜ ፕሮግራሙ በዚሁ መሠረት እንዲወጣ ተስማምተናል።